ማርሊስና የተመራቂዎች ምሽት

ማርሊስ ቶለፍሰን ተቀምጣ አይቻት አላውቅም። የኮሌጃችን የሴቶች ቅርጫት ኳስ ቡድን ዋና አሰልጣኝ እሷ ናት፤ እኔ ምክትሏ ሆኜ ይኸው ጸጉሬ ሸበተ። ሜዳ ዳር የተቀመጠላት ወንበር የኮቷ መስቀያ ነው። እቤቷም እንደዚያው ናት፤ ምሳዋን ቆማ ትበላለች፣ ስልክ ስታወራ ግቢውን ስትዞር ትውላለች። ባሏ አልቻለውም፣ ጥሏት ሄደ። አረፍ በይ እንጂ፣ አዞርሽኝ ስላት፣ ጥሎ ማለፍ ስንገባ አርፋለሁ ትለኛለች። እኛ የሚኒሶታ ትንሽ ኮሌጅ ነን፤ ጥሎ ማለፍ ገብተን አናውቅም።

አምና ግን አንድ ጨዋታ ብቻ ቀረን። ካሸነፍን እንገባለን። ጣጣው፣ ጨዋታው የተመራቂዎች ምሽት ላይ ዋለ። ልማዱ ልማድ ነው፤ በዚያ ምሽት ተመራቂ የሆነች ሁሉ፣ አራት ዓመት ወንበር ስታሞቅ የኖረችም ብትሆን፣ ቋሚ ተሰላፊ ሆና ትጀምራለች። የእኛዋ ተመራቂ ብሪን ነበረች። ልጅቷ ወርቅ ናት፤ ኳስ ግን አትችልም፣ ምን ላድርግ።

ማርሊስ አሰልጣኝ ሁሉ የሚያውቃትን ዘዴ ነገረቻት። ኳሱ እንደተጣለ ከተጋጣሚ አንዷን ያዝ ታደርጋለች፤ ዳኛው ፋውል ብሎ ፊሽካ ይነፋል፤ ጨዋታው ሲቆም ተጨብጭቦላት ትወጣና ዋናዋ ተጫዋች ትገባለች። ብሪን እሺ አለች።

ጨዋታው ተጀመረ። ብሪን ማንንም አልነካችም። ጭራሽ የምትጠብቃት የተጋጣሚ ልጅ ስትመጣ መንገድ ትለቅላታለች። አገቡብን። ደገሙን። ማርሊስ "ያዣት!" እያለች በመስመሩ ላይ ስትሮጥ ድምጿ ተዘጋ። የብሪን ዓይን የአዳራሹ በር ላይ ነው። ደሜ ፈላ፤ እረፍት ጠይቂና አውጫት እያልኩ የማርሊስን እጅጌ ጎተትኩ። ስምንት ለባዶ ስንሆን ጠየቀች።

"የነገርኩሽን ረሳሽው?" አለቻት።

"አልረሳሁም ኮች። አባቴ ገና አልደረሰም።"

አባቷ ቨርሊን ላሞቹን አልቦ በዚያ በረዶ እየነዳ ነበር። አራት ዓመት ሙሉ፣ ልጁ ወንበር ላይ ተቀምጣ ስትጨርስ ለማየት የተመላለሰ ሰው ነው። በብሪን ቦታ የምትገባዋ ዋና ተጫዋች ቱታዋን አውልቃ ቆማለች። ማርሊስ እሷን አየች፣ የነጥብ ሰሌዳውን አየች፣ ከዚያ ብሪንን ወደ ሜዳው ገፋ አደረገቻት። አበደች አልኩ። አሁንም እላለሁ።

አራት ነጥብ ተጨመረብን። በመጨረሻ በሩ ተከፈተና ቨርሊን ኮፍያውን እያራገፈ ገባ። ብሪን ስታየው ፊቷ ያገኘቻትን ልጅ እንደ ዘመድ እቅፍ አደረገቻት። ፊሽካ ተነፋ። ለአባቷ እጇን እያውለበለበች ወጣች፤ አዳራሹ በጭብጨባ ተናወጠ።

የቀሩት ልጆች ነፍሳቸው እስኪወጣ ተጫወቱ። በሁለት ነጥብ ተሸነፍን።

ሰዉ ከወጣ በኋላ ማርሊስ ባዶው ሜዳ ላይ ወዲያ ወዲህ ትላለች። አንጀቴን በላችው። ቨርሊን ኮፍያውን አውልቆ መጣና እጇን ጨበጠ።

"ኮች፣ ስላሰለፍሻት አመሰግናለሁ" አላት። "ቅር አይበልሽና፣ ትንሽ ብትታገሻት ምን ነበረበት? ገና መጀመሯ እኮ ነበር።"

አፌን ልከፍት ስል ክንዴን ጨምድዳ ያዘችኝ።

"እውነትህን ነው" አለችው። "ቸኮልኩባት።"