የሐሙስ ተራ

ሀጅራ ከዙሪክ በባቡር ሦስት ሰዓት በምትርቀው ሜራን ከተማ ሰባተኛ ፎቅ ላይ ከአባቷ ጋር መኖር ከጀመረች አሥራ አንድ ዓመት ሆኗታል። ጠዋት ጠዋት በአረጋውያን ቤት አልጋ ታነጥፋለች፤ ከሰዓት በኋላ የጎረቤት ልብስ እየሰፋች ታጠብባለች፣ ታሳጥራለች። በሠላሳ ስምንት ዓመቷ ዙሪክ የሚገኝ የቲያትር አልባሳት ስፌት ቤት ከመስከረም ለሚጀምር የሁለት ዓመት ሥልጠና ተቀበላት። መልሷን እስከ ዓርብ ይጠብቃሉ።

የተቀበሏትን ደብዳቤ ለአባቷ ለአቶ አብዱረህማን ተረጎመችላቸው። ሻያቸውን አማሰሉ፤ ስኳሩ ከሟሟ በኋላም ማማሰላቸውን አልተዉም።

እናቷ ከሞተች ወዲህ ምግባቸውንም መድኃኒታቸውንም የምታቀርበው እሷ ናት። በእነሱ ቤት ደግሞ ልጅን «ሂጂ» ማለት ማባረር ነው፤ «ቅሪ» ማለት ማሰር። ልጅም «ልሂድ ወይ?» ብላ ወላጇን አታስጨንቅም። ስለዚህ ሦስት ቀን ሙሉ ስለ ዝናብ አወሩ።

ረቡዕ ዕለት ጓደኛዋ ቢልቂስ ዙሪክ አጠገብ ካለችው ረገንስዶርፍ ደወለች።

«አልጋሽን አዘጋጅቻለሁ። መጋረጃውን ግን አንቺ ትሰፊያለሽ፤ በነፃ አላስቀምጥሽም።»

«አባባ ዝም ብለዋል።»

«አባትሽ መቼ ተናግረው ያውቃሉ? ሠርጌ ላይ እንኳ የመረቁኝ በአገጫቸው ነው።»

ሀጅራ ሳቀች። ስልኩን ከዘጋች በኋላ ግን «መምጣት አልችልም» የሚል መልስ በወረቀት አረቀቀች። ነገ በኢሜይል ልትልከው አጥፋ ኪሷ ውስጥ ከተተችው። ዝምታቸውን እምቢታ አድርጋ ቆጥራዋለች።

ሐሙስ በሕንፃው የጋራ ልብስ ማጠቢያ ማሽን ተራዋ ነው። ቅርጫቷን ይዛ ምድር ቤት ወረደች። በሩ ላይ በተለጠፈው የተራ ወረቀት ከመስከረም ጀምሮ ያለው ስሟ በእርሳስ ተሰርዟል። በየሐሙሱ ትይዩ፣ በተንቀጠቀጠ የላቲን ፊደል፣ የአባቷ ስም ተጽፏል። አንዴ መስመር ስተው የፖርቱጋላዊቷን ጎረቤት ረቡዕ ወስደዋል። ማሽኑን «ያ የሚያገሳው» እያሉ አጠገቡ ደርሰው የማያውቁ ሰው ናቸው።

ቅርጫቷን እዚያው ትታ ወጣች። አባቷ መስኮቱ አጠገብ ተቀምጠዋል።

«አባባ፣ የሰው ረቡዕ ወስደዋል።»

«እንግዲህ ታስተካክይዋለሽ» አሉ፤ ዓይናቸውን ከውጭ ሳይመልሱ። ከዚያም ቀጠሉ፦ «ሳትሄጂ አሳዪኝ። ሳሙናው የሚገባው በየት በኩል ነው?»

ሀጅራ ያረቀቀችውን መልስ ከኪሷ አወጣች፣ ገለበጠችው፤ በጀርባው ላይ ጎላ ጎላ ባለ ፊደል መጻፍ ጀመረች፦ «መጀመሪያ፣ ነጩን ከጥቁሩ ይለዩ።»