ከክላርኔቱ በፊት

ካሴቱን ከላስቲኩ ሳወጣው የሐይቁ እርጥበት ሸተተኝ። ጠረኑ ይኸው እስካሁን ከጣቴ አልወጣም።

አባቴ ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ይሠራ ነበር፤ ከሥራ መልስ ክላርኔት ይነፋል። እኔ ያኔ የሁለተኛ ደረጃ ተማሪ ነበርሁ። አንድ ከሰዓት በኋላ ክራር የሚመቱ ባልደረባው እኛ ቤት መጡና ቴፑን ጠረጴዛ ላይ አድርገው ሊቀዱ ተሰናዱ። ከጣና የሚመጣው ነፋስ መጋረጃውን ያርገበግበዋል። ጓደኞቼ ደጅ እየጠበቁኝ ስለነበር ልቤ ውጭ ነው። ልወጣ ስል አባቴ፣ "በሩን ዝጊውማ፣ ዓለሜ" አለኝ። ለካ ቴፑ መዞር ጀምሮ ኖሯል፤ ይህም አብሮ ተቀዳ። በኋላ ጓደኞቼ ሰምተው "ዓለሜ" እያሉ ሲያበሽቁኝ ለጉድ ነበር የማፍረው።

አባቴ የሞተ ጊዜ እናቴ፣ ሐዘን ቤት ዘፈን አይቀመጥም ብላ ካሴቶቹን ሁሉ ለባልደረባው ሰጠች። ሲናገር የተቀዳው ድምፁ ሌላ የትም እንደሌለ ያን ሰሞን ማን አስቦት!

ያን ቀን የተቀዳው ዘፈን ዛሬ በየስልኩ አለ፤ ማን እንደጫነው እግዜር ይወቀው። ግን ከክላርኔቱ ነው የሚጀምረው፤ እሱም ከስልክ ስልክ ሲተላለፍ ተጨምቆ ተጨምቆ የቆርቆሮ ድምፅ ሆኗል። ያልተጨመቀ፣ ማንም ያልነካካው ቅጂ ፍለጋ የስንቱን ደጅ ጠናሁ መሰለህ። በመጨረሻ ዋናውን ካሴት ሐይቁ ዳር፣ ከባልደረባው ቤት አልጋ ሥር አገኘሁት። ሽማግሌው፣ እናትሽ የሰጠችኝን እንዴት እጥላለሁ አሉኝ። ጉልበታቸውን ሳምሁ።

ካሴት ወደ ኮምፒውተር ለሚገለብጥ ልጅ ሰጠሁት፤ ምንም ሳይጨመቅ እንዲገለብጥልኝ አደራ አልሁት። ልወስድ ስሄድ ፊቱ በርቷል። ክሩ በእርጥበት ተጣብቆ አንዴ ብቻ ዞሮ መበጣጠሱን፣ እሱ ግን ዘፈኑን እንዳተረፈው ነገረኝ።

"መጀመሪያው ላይ የማይረባ ወሬ ነበረበት፣ እትዬ፤ ቆርጬ አወጣሁልዎት።"

ክው አልሁ። ያልተቆረጠውስ ብዬ ብጠይቀው አጥፍቶታል። ለእኔ ብሎ ነው። አመስግኜው ወጣሁ።

ቤት ገብቼ ማዳመጫውን ጆሮዬ ላይ አደረግሁ። የአባቴ ትንፋሽ ሳይቀር ይሰማል። ከክላርኔቱ በፊት ግን ስልኩ ላይ ጨርሶ ያልነበረ ነገር አለ፤ በር ሲዘጋ። ልጁ ሲቆርጥ ያችን ሳያውቅ ትቷታል።

ደጋግሜ ሰማኋት። አባቴ ውስጥ ነው። የዘጋሁት እኔ ነኝ፣ ከውጭ።