የጋሽ ነጩ ጀርባ

የጠቅላላ አገልግሎት ኃላፊያችንን ከኋላቸው «ጋሽ ነጩ» እንላቸዋለን። ከፊታቸው ምንም አንልም። ሃያ ዓመት ሙሉ ከነጭ ሸሚዝ ሌላ ለብሰው አላየኋቸውም፤ እጅጌያቸው ላይ አንዲት የሻይ ጠብታ ያረፈች ቀን ሻይ ያቀረበችው ሴት ወየውላት። ውሃ ቀጠነ ብለው የሚቆጡ ሰው ናቸው። «እድፍ ባለቤት አለው» የምትል አባባል ራሳቸው ፈጥረው፣ እኔን አስጽፈው በየኮሪደሩ አስለጥፈዋል።

ጸሐፊያቸው ነኝ። የሕይወት ታሪካቸውን ከእናታቸው ቀጥሎ የማውቀው እኔ ነኝ፤ ኑሯቸው በሙሉ ደብዳቤ ነዋ። ዘበኛው ኮፍያውን ካጣመመ ደብዳቤ፣ አምፖል ከተቃጠለ ደብዳቤ።

አምና የግቢውን ግንብ ነጭ ቀለም አስቀቡት። ከአበቦቹ ሥር አፈር መታየት የለበትም ብለውም ከእንጨት መሰንጠቂያ ቤት የእንጨት ፍቅፋቂ በመኪና አስጭነው አስነጠፉ። አትክልተኛዋ «ጌታዬ፣ ይሄ ነገር ውሃ ሲጠጣ ይሻግታል፤ ባይነጠፍስ?» አለቻቸው።

«አንቺ ውሃሽን አጠጪ» አሏት። ሐሳቡ የእሳቸው መሆኑን የሚገልጽ ደብዳቤም ወዲያው ለበላይ ጻፍኩላቸው።

ዝናቡ ሲገባ ግንቡ ላይ ጥቁር ነጠብጣብ ፈሰሰበት። አንዷ ነጠብጣብ የጎመን ዘር ብታህል ነው፤ በጥፍር ሲፍቋት ግን ቀለሙን ይዛ ነው የምትነሳው። ጋሽ ነጩ ዓይናቸው ደም ለበሰ። «ሬንጅ የረጨብን አለ!» ብለው ኮሚቴ አቋቋሙ፤ ቃለ ጉባኤ ያዧ እኔው ሆንኩ። ኮሚቴው ሁለት ቀን ተሰብስቦ ቀኑን ሙሉ ከግንቡ ሥር የምትውለው አትክልተኛዋ መሆኗን ደረሰበት።

እሷ ፍቅፋቂውን ገለጥ አድርጋ አሳየችኝ። ብርቱካንማ፣ ጥቃቅን ጽዋ የመሰሉ ሻጋታዎች በቅለውበታል፤ በእያንዳንዱ መሃል አንዲት ጥቁር እንክብል ተቀምጣለች።

«ይቺው ናት» አለችኝ። «ስትደርስ ትፈናጠርና ብርሃን ወዳለበት ትሄዳለች። ነጭ ካገኘችማ ልጥፍ ነው።»

ለጋሽ ነጩም ይህንኑ ነገረቻቸው። ሳቁ። ሲስቁ ያየሁት ያን ቀን ብቻ ነው። «ሻጋታ ተኮሰብን ብዬ ለበላይ ልጻፍ?» አሉ።

አሥራ ዘጠኝ ዓመት የሠራችበትን ሥራ በአራት መስመር አሰናበትናት። ያለ አባት ሦስት ልጆች እንደምታሳድግ እያወቅሁ አንድ ፊደል እንኳ አልሳትኩም። ቅሬታ እንድታቀርብ አምስት ቀን ተሰጣት፤ እስከዚያው ግቢ እንዳትገባ ታገደች።

በሦስተኛው ቀን እሷ በሌለችበት አዲስ ነጠብጣብ ወጣ። ጋሽ ነጩ «ተደብቃ እየገባች ነው» ብለው ወንበር አስወጡ። ጀርባቸውን ለአበቦቹ፣ ፊታቸውን ለበሩ ሰጥተው ከጠዋት እስከ ምሳ ሰዓት ሲጠብቋት ዋሉ። እኛ ሥራ ፈትተን በመስኮት እናያለን። ሲነሱ ዘበኛው ተጠጋቸው።

«ጌታዬ፣ ጀርባዎ…»

«ጀርባዬ ምን ሆነ?»

«ነጠብጣብ በነጠብጣብ ሆኗል።»

«ከኋላዬ ማን ነበር?»

«ከአበቦቹ በቀር ማንም።»

ጉድና ጅራት ከወደ ኋላ ነው ይባላል። ኮታቸውን ደርበው ወደ እኔ ክፍል መጡና «ጻፊ» አሉኝ። መመለሷ ነው ብዬ ልቤ ዘለለ። «የግቢው ግንብ ለእድፍ የተመቸ ሆኖ ስለተገኘ ጥቁር ግራጫ እንዲቀባ» አሉ።

«የአትክልተኛዋስ ነገር?»

«ዛሬ ብመልሳት ትናንት ተሳስቻለሁ ማለት እኮ ነው» አሉኝ።

በአምስተኛው ቀን ኮሚቴው ቅሬታዋን ሰምቶ ሳይቀበላት ቀረ።

ግንቡ ጠቆረ፤ ነጠብጣቡ ጠፋ፤ ጋሽ ነጩ የምስጋና ደብዳቤ ተጻፈላቸው። ፍቅፋቂው ግን እዚያው ነው፤ በግቢው ውስጥ የቀረው ነጭ ነገርም የእሳቸው ሸሚዝ ብቻ ነው። በየጠዋቱ አበቦቹን ጎብኝተው ሲመለሱ ጀርባቸው ተዥጎርጉሯል። የሚነግራቸው የለም። ባለፈው ሳምንት «እድፍ ባለቤት አለው» ብሎ የሚጀምር የአቤቱታ ደብዳቤ ለላውንደሪ ቤቱ አስጻፉኝ፤ ሳቄን አፍኜ ጻፍኩላቸው።

በማግስቱ አትክልተኛዋን አውቶቡስ ፌርማታ አገኘኋት። የአጥር መከርከሚያ መቀሷን በላስቲክ ጠቅልላ ይዛለች፤ ቤት ለቤት ሥራ እየፈለገች ነው። ትስቃለች ብዬ የሸሚዙን ነገር አወራሁላት። አልሳቀችም።

«እውነቱን ካወቅሽ» አለችኝ፣ «ቅሬታዬ የታየ ቀን ምን አልሽ?»

«እኔ እኮ ቃለ ጉባኤ ያዥ ነበርኩ።»

«ታዲያ ምን ብለሽ ያዝሽ?»

«የተለየ ሐሳብ ያለው አልተገኘም» ብዬ ነበር የያዝኩት። እሱን ልነግራት አፈርኩ።