የፓሪሳ እሳት

የረጠበ አመድ በሸተተኝ ቁጥር ባሕር ማዶ፣ ሌዊስቪል ከተማ የነበረው አፓርታማችን ጓሮና የጎረቤታችን የፓሪሳ ካሜራ ትዝ ይሉኛል። የዘጠኝ ዓመት ልጅ ነበርኩ፤ እማዬ አውሮፕላን ማረፊያ ትሠራ ስለነበር ከትምህርት ቤት ስመለስ የምቆየው ፓሪሳ ዘንድ ነበር። በመስከረም ከደመራ በኋላ ግንባሬ ላይ የአመድ መስቀል ይዤ ስመጣ አይታ ፈገግ ትል ነበር እንጂ ምንነቱን አልጠየቀችኝም።

ብርዱ ሲገባ ኢራን ስላሳለፈችው ልጅነት አጭር ፊልም መሥራት ጀመረች። ንግግር የማይበዛበት፣ ግጥም የመሰለ ፊልም ነበር፤ ውሃ ላይ የሚንሳፈፍ ብርቱካን፣ የእናቷን ሻሽ የሚያጥፍ እጅ እየደጋገመች ትቀርጽ ነበር። በመጋቢት የቀራት አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ በአዲስ ዓመታቸው ዋዜማ ሰሞን እንደሚያደርጉት እሳት የምትዘል ልጅ፣ ያኔ እሷ እንደነበረችው። እኔን ለፊልሙ እንድታውሳት እማዬን ለመነቻት።

ዘላዩዋ እሳቱን «የፊቴን ቢጫነት ውሰድ፣ ቅላትህን ስጠኝ» እንደምትለው ስትሰማ እማዬ ፊቷ ተለወጠ። ጊዜው ሁዳዴ ነበር። «ዝለይ፤ ግን እሳቱን እንዳትለምኚው» አለችኝ። ፓሪሳ አልተከራከረችም፤ ያለዚያ ቃል ፊልሟ እንደሚጎድል ግን ከዓይኗ ይነበብ ነበር።

የአፓርታማው ኃላፊ የፈቀደው ለአንድ ምሽት፣ ለአንዲት ትንሽ እሳት ነበር። ፀሐይ ስታዘቀዝቅ ቀሚሴን ሰብስቤ፣ አፌን ገጥሜ ዘለልኩ። ከዚያ ማንም ሳያዘኝ፣ ደመራ ላይ እንደለመድኩት ጎንበስ ብዬ፣ ከዳር የቀዘቀዘውን አመድ በጣቴ ነክቼ ግንባሬ ላይ መስቀል ሠራሁ። ካሜራው እየቀረጸ ነበር። እሳቱም ወዲያው ከሰመ። የሰው ፊልም ያበላሸሁ መስሎኝ አለቀስኩ።

ፓሪሳ ያን ጊዜ የግንባሬ መስቀል ምን እንደሆነ ጠየቀች።

«እኛም እሳት አለን» አለቻት እማዬ፣ በተሰባበረው እንግሊዝኛዋ።

ፓሪሳ ካሜራዋን ዘግታ ግንባሬን ሳመችና፣ «ይኼማ ከፊልሙ አይቆረጥም» አለች። ቀጥላም ለውዝና ዘቢብ አምጥታ ለእማዬ እየዘረጋችላት፣ «ቅቤ የለበትም፣ አጣርቻለሁ» ስትል እማዬ ሳቀች።

ባለፈው ሳምንት ፊልሙን ለልጄ አሳየኋት። «ማሚ፣ እሳቱ ላይ ለምን ምንም አትዪም?» አለችኝ። ያኔ ትልቁ ነገር እማዬ የከለከለችኝ ቃል ይመስለኝ ነበር፤ ዛሬ፣ እኔም ለሰው የማውሳት ልጅ ስትኖረኝ፣ የሚደንቀኝ የፈቀደችው ነው። እኔ እፈቅድ ነበር? እንጃ። እማዬን ስለሰጠኝ ግን ፈጣሪን አመሰግነዋለሁ።