ከአልጋ ሥር የመጣው እሹሩሩ

ኤጀንሲው ሲልከኝ «ጸጥ ያሉ ሽማግሌ ናቸው፣ አያስቸግሩሽም» ብሎኝ ነበር። ለንደን ኬንቲሽ ታውን ያለው ፍላታቸው ስደርስ ጸጥ ያሉት ሽማግሌ የፒያኖውን ክዳን ከፍተው ገመዶቹን በሹካ እየፋቁ ነው። ድምፁ ጥርሴ ድረስ ዘለቀ። ገና በመጀመሪያው ቀን ከሥራ ላለመባረር ብዬ «ደስ ይላል» አልኳቸው።

«ደስ ካለሽማ ተበላሽቷል» አሉና ሹካውን አስቀመጡት።

ጣሊያናዊ ናቸው፤ ሰማንያን አልፈዋል። የእኔ ሥራ ጠዋት ጠዋት እሳቸውን ማጠብ፣ ማልበስና መድኃኒት ማስዋጥ ነበር። የእሳቸው ሥራ ደግሞ ዕድሜ ልካቸውን ሰው ማስደንገጥ፤ የአስፈሪ ፊልሞች ሙዚቃ ደራሲ ናቸው። በልጅነታቸው የተማሩት የቤተ ክርስቲያን ኦርጋን ነበር። አንድ ጓደኛቸው ለግድያ ትዕይንት የሚሆን ሙዚቃ ቸግሮት ለመናቸው፤ በሳምንት ጨርሰው ሰጡት። ከዚያ በኋላ ቢላ የያዘ ሁሉ እሳቸውን ይጠራ ጀመር።

«አንዴ የፍቅር ፊልም ሰጡኝ» አሉኝ ሸሚዛቸውን ስቆልፍላቸው። «ተመልካቹ ገዳዩ ከየት ይወጣል እያለ ሲጠብቅ ፊልሙ አለቀ።»

ይህን ሁሉ ሕዝብ ያንቀጠቀጡ ሰው ታዲያ የደም ግፊት መለኪያውን ሳወጣ እጃቸውን ብርድ ልብስ ውስጥ ይደብቃሉ። መስኮቱ ላይ እርግብ ካረፈች ሻይ አይጠጡም።

አንድ ጠዋት ዕቃ እያጠብኩ ልጄን ያሳደግኩበትን እሹሩሩ ሳንጎራጉር ሰሙኝ። ማይክሮፎን ይዘው መጡ። አንድ ወጣት ዳይሬክተር አዲስ ፊልም ሰጥቷቸው ነበር።

«እናት ልጇን የምታስተኛበት ቦታ አለ» አሉኝ። «ትዘፍኚልኛለሽ?»

ለእናትነት ማን እምቢ ይላል? ሦስት ጊዜ ዘፈንኩላቸው። ፈርሚ ያሉኝንም ወረቀት ሳላነብ ፈረምኩ። እዚህ አገር ፈርሚ የተባልኩትን ሁሉ ላንብ ብል ኖሮ እስካሁን ሂትሮው አየር ማረፊያ ነበርኩ።

ፊልሙ ካምደን ሲኒማ ቤት ሲታይ ፀጉሬን ተሠርቼ፣ ልጄን አስከትዬ ሄድኩ። እናቲቱ ገና ወንበራችን ሳይሞቅ ሞተች። ከዚያ የኔ እሹሩሩ እየተጎተተ፣ ድምፁ ወፍሮ ከአልጋ ሥር መጣ። ከፊታችን የተቀመጠው ጎረምሳ ፖፕኮርኑን ደፋ። ልጄ ክንዴን ጨምድዳ ያዘችኝ።

«ማሚ፣ ይሄ እኮ የኔ ነው» አለችኝ። «እኔን ያስተኛሽኝ በዚህ ነው?»

በማግስቱ ቁርሳቸውን አቀረብኩና «እናት ናት አላሉኝም?» አልኳቸው።

«ናት» አሉ። «የሞተች እናት።»

ፊቴን አዩትና ማንኪያቸውን አስቀመጡ። እሳቸው እንደዘፈንኩት ነበር የሰጡት፤ እንዲያ የጎተተው ዳይሬክተሩ ኖሯል። ስልክ አንስተው ደወሉለት፤ እሹሩሩው ከፊልሙ ይውጣ ብለው ተከራከሩት። እሱም በትሕትና ሰምቷቸው ሲያበቃ፣ ተመልካቹ ከሁሉ የወደደው ያንን ነው ብሎ አመሰገናቸው። ስልኩን ዘጉት።

«አርባ ዓመት ሙሉ እንዲህ እያሉ ያመሰግኑኛል» አሉኝ።

ከዚያ በምርኩዛቸው እስከ ፒያኖው ሄዱ። እሹሩሩውን ልክ እኔ እንዳንጎራጎርኩት፣ ቀስ ብለው፣ ያለ ሹካ ተጫወቱት፤ ቀድተውም «ለልጅሽ» ብለው ሰጡኝ። እኔ ሰው ፊት አላለቅስም። ወጥ ቤት ገብቼ የታጠበውን ዕቃ እንደገና አጠብኩ።

ልጄ ሼፈርድስ ቡሽ ቤታችን ሆና ሁለት ጊዜ ሰማችው። ሰውየውን ማየት አለብኝ አለች። ቅዳሜ አበባ ገዝታ አብራኝ መጣች። ሽማግሌው ኮት አልብሺኝ ብለውኝ ተቀምጠው ጠበቋት። ይቅርታ ይጠይቃሉ ብዬ ነበር።

«ፈራሽ?» አሏት።

«በጣም» አለቻቸው።

ደስታቸውን ሊደብቁ ሞከሩ፤ አልሆነላቸውም።