የጋሽ ጥሩነህ መብራት

አዲስ ምሰሶ በተተከለበት መንገድ ሳልፍ የቅጥራኑ ሽታ አፍንጫዬ ውስጥ ሲገባ፣ ዳንግላ አጠገብ ባለችው ቀበሌያችን ያሳለፍኩት አንድ በጋ ይመጣብኛል። ጥቋቁሮቹ ምሰሶዎች በጭነት መኪና መጥተው መንገድ ዳር ሲጋደሙ፣ እኛ ልጆች ከላያቸው እየተንሸራተትን ልብሳችንን አጥቁረን እንገባና እናቴ ሳቋን ዋጥ አድርጋ ትቆጣን ነበር።

ቤታችን መንገድ ዳር ስለነበር መብራቱ ቶሎ ገባልን። ከጀርባችን ለሚኖረው ለጋሽ ጥሩነህ ግን መስመሩ እንዲደርሰው በእኛ ጓሮ ማለፍ ነበረበት፤ ጓሯችን ውስጥ ደግሞ የአባቴ ዋንዛ ነበር። አባቴ ቀፎዎቹን የሚሰቅለው እዚያ ዛፍ ላይ ሲሆን፣ ከእርሻ ሲመለስ ፊቱን እንኳ ሳይታጠብ ከሥሩ ተቀምጦ ንቦቹን ያዳምጥ ነበር። ሠራተኞቹ ለክተው «ይኼ ዛፍ መቆረጥ አለበት» ሲሉት፣ በአማርኛ ጀምሮ በአዊኛ እየጨረሰ ከግቢው አስወጣቸው።

ጋሽ ጥሩነህ ለመነ፣ ሽማግሌም ላከ። ባለቤቱ እትዬ የሺ ነፍሰ ጡር ነበረች፤ የመጀመሪያ ልጇን በኩራዝ ብርሃን ወልዳ፣ ደም ሲፈሳት አዋላጇ በደንብ ሳታይ ቀርታ በጭንቅ ነበር የተረፈችው። «አያ አለሙ፣ ዛፍ እኮ ተመልሶ ይበቅላል» ቢለው፣ አባቴ «እሱ እስኪበቅል እኔ የለሁም» አለ። ጋሽ ጥሩነህ ተከፍቶ ዳንግላ ፍርድ ቤት ከሰሰው።

ዝናብ ሲጀምር ክርክሩ ገፋ። ከመንደራችን ወደ ከተማ የሚሄደው ጋሪ አንድ ብቻ ስለነበር፣ በቀጠሮ ቀን ከሳሽና ተከሳሽ ጎን ለጎን ተቀምጠው ይሄዱ ነበር። እናቴም የምትቋጥረው ቆሎ ለሁለቱ የሚበቃ ነበር፤ «ከሳሽህን አስርበህ ብትረታው ምን ደስ ይላል?» ትለው ነበር አባቴን። አንድ ቀን አሞኝ ጤና ጣቢያ ልታይ አብሬያቸው ተሳፈርኩ። ጋሪው ጭቃ ውስጥ ሲቀረቀር ሁለቱም ወርደው ትከሻ ለትከሻ ገጥመው ገፉት፤ ዶፉ ሲወርድ ደግሞ ጋሽ ጥሩነህ ጋቢውን አውልቆ አለበሰኝ። ፍርድ ቤቱ በር ላይ ሲደርሱ ጭቃቸውን አራግፈው፣ ሳይተያዩ፣ አንዱ በቀኝ አንዱ በግራ ቆሙ።

ሰኔ ሳያልቅ ተፈረደ፤ ጋሽ ጥሩነህ ረታ። ዛፉ ተቆርጦ መስመሩ እንዲያልፍ፣ ለአባቴም ካሳ እንዲሰጠው ተወሰነ። አባቴ ራቱን ሳይበላ ተኛ። በማግስቱ ቀፎዎቹን ሊያወርድ መሰላል አቁሞ ሲወጣ፣ ጋሽ ጥሩነህ አጥሩን ተሻግሮ መጣና መሰላሉን ያዘ።

«አያ አለሙ፣ ይውረዱ።»

«ለምን? ተፈርዶልህ የለም እንዴ?»

«ተፈርዶልኛል። የሺ ግን የሰው ዛፍ አስወድቆ የመጣ መብራት ቤቴ አይግባ አለችኝ። በድንች ማሳዬ ዳር ዞሮ ይምጣ። ማሳዬ ጠባብ ናት ብዬ ሰስቼ ነው እንጂ መጀመሪያም ይቻል ነበር።»

 አባቴ መሰላሉ ላይ እንዳለ ቁልቁል ሳያይ «አንዱን ምሰሶ ከእኔ መሬት ጥግ ይትከሉት። ያንተ ማሳ ብቻ ለምን ይጠባል?» አለው።

አደይ አበባ ሲፈነዳ መስመሩ ጓሯችንን ዞሮ ጋሽ ጥሩነህ ቤት ገባ። ብዙም ሳይቆይ እትዬ የሺ አምፖል በርቶላት፣ አዋላጇም ሁሉን እያየች፣ ሴት ልጅ በሰላም ተገላገለች። አባቴ ለአራሷ ገንፎ የሚሆን ማር ይዞ ሲሄድ እኔም ተከትዬው ገባሁ፤ እትዬ የሺ ሕፃኗን አሳቀፈችውና «ይኸው፣ በብርሃን አየኋት» አለችው። አባቴ ሕፃኗን እንዳቀፈ ጣራው ላይ የበራውን አምፖል ቀና ብሎ አየ።

ዛሬ የምኖረው እንጅባራ በኪራይ ቤት ነው። መብራት ሲጠፋ በመስኮት ወደ ጎረቤቶቼ አያለሁ፤ የእነሱም ከጠፋ ተረጋግቼ እቀመጣለሁ። ስማቸውን ግን አላውቅም። ተካሰን አናውቅም፤ ለመካሰስ የሚያበቃ ትውውቅ እንኳ የለንም።