ኢንሻራህ በየመቃብሩ የተከለችው እሬት

ኢንሻራህ ዕድሜዋን ሙሉ ከአፈር ጋር ኖራለች። በአባይ ዳር፣ ከቃናጢር ግድብ ዝቅ ብሎ ባለው ችግኝ ጣቢያ፣ ከጥላ መረቡ ሥር ተቀምጣ የአበባ ማሰሮ በአፈር ስትሞላ ነው ያደገችውም ያረጀችውም። በጥፍሯ ሥር የገባው ጥቁረት በሰርጓ ዕለት እንኳ አልለቀቀም፤ ሒናው ሸፈነላት እንጂ።

ባሏ አብደል መውጉድ የሚዛን ሰው ነበር። የመንደሩ ብርቱካንና ሽንኩርት በነጋዴ መኪና ከመጫኑ በፊት በእሱ ሚዛን ያልፋል። የእንዲህ ያለ ሰው ሀብቱ ስሙ ነው። ሻጩም ገዢውም እኩል ካጉረመረሙበት ሀቀኛ ነው ይባላል፤ በአብደል መውጉድ ሁለቱም እኩል ያጉረመርሙበት ነበር። ሲሞት መንደሩ በሙሉ ቀበረው። ያጉረመረሙትም አለቀሱ።

ኢንሻራህ በመቃብሩ ላይ እሬት ተከለችለት። የአገሩ ወግ ነው፤ ጥም የሚችል ተክል ለሙታን ይስማማል ይላሉ። አተካከሉ ግን የራሷ ነበር፦ የማሰሮውን ቂጥ በድንጋይ ትሰብርና፣ ሥሩ ወደ ታች እንዲወርድ አፈሩ ውስጥ ግማሽ ድረስ ትቀብረዋለች። እሬት ብዙ ውሃ አይወድም። እሷ ግን ባሏን የምታጠጣ እየመሰላት፣ ሐሙስ ሐሙስ ለነፍሱ ሹሬክ ዳቦ ለልጆች ካደለች በኋላ፣ ባልዲውን እስኪያልቅ ታፈስለት ነበር። እሬቱም አማረ። የሌሎቹ ሙታን ዘመዶች ያንን አይተው፣ «ያ ኡም ሲሃም፣ የሲሃም እናት፣ ለእኛም ትከይልን» አሏት። ይሉኝታ የሚያጠቃት ሴት ናት፤ እምቢ ማለት አታውቅም። ከችግኝ ጣቢያው የተረፈውን እየለመነች ለሁሉም ተከለች። ለዳውላት ባል መቃብርማ የተሻለውን መርጣ ነው፤ ምክንያቱም የዳውላት ልጅ ገሪብ የኢንሻራህን ልጅ ሲሃምን አጭቷታል።

በሁለተኛው ዓመት የአብደል መውጉድ ወንድም ሞተ። በዚያ አገር የቤተሰብ ሙታን በአንድ የመቃብር ክፍል ጎን ለጎን ነው የሚተኙት፤ አዲሱን ለማስገባት የአሮጌው በር ይከፈታል። የመቃብሩ ጠባቂ ሺሓታ ጡቡን አፈረሰ፣ ፋኖሱን ይዞ ወረደ። ወዲያው ተመልሶ ወጣ። ፊቱ አመድ መስሏል።

«ምነው ሺሓታ?» አሉት።

«ምንም። ሬሳውን ስጡኝ።»

ሬሳውን አስገባ፣ በሩን ደፈነ፣ እጁን ታጠበ። እዚህ ላይ ዝም ቢል ኖሮ እኔም የምተርከው ባልኖረኝ። ነገር ግን ሺሓታ አፉን መድፈን የማይችል ሰው ነው። አመሻሹ ላይ ሻይ ቤት ተቀምጦ፣ «በአብደል መውጉድ ከፈን ላይ እባብ አየሁ» አለ። «ጥቁር፣ የሚያብረቀርቅ። ጭንቅላቱ ከጅራቱ አይለይም። ዓይን የለው፣ ምን የለው። ራሰ በራ!»

የሻይ ብርጭቆዎቹ ባሉበት ቀሩ። ራሰ በራውን እባብ የማያውቅ የለም፤ በቁሙ የሰውን ሐቅ የበላውን ሰው በመቃብሩ ውስጥ የሚጠብቀው እሱ ነው ተብሎ ከልጅነት ጀምሮ ሲነገር የኖረ ነው። ሺሓታ ያየው የጫማ ማሰሪያ የሚያህል ነበር። በማግሥቱ ክንድ አከለ፤ በሦስተኛው ቀን ከፈኑን ሲቀድ የታየ ሆነ። ከአፍ ከወጣ አፋፍ ይባል የለ። እባቡ ካደገ በኋላ ምክንያት አስፈለገው፤ ምክንያቱም ሩቅ አልነበረም። ሚዛን!

ዳውላት አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ መጣች። የቀረበላትን ሻይ አልነካችም።

«ያ ኡም ሲሃም፣ እኔ አንቺን ክፉ አልልሽም» አለች።

«ልትይኝ ነዋ የመጣሽው።»

«ገሪብ ልጅ ነው። ነገ የሚወለዱለት ልጆች አያታቸው ማን ነው ሲባሉ ምን ይበሉ?»

«የሚዛን ሰው ነበር ይበሉ!»

«ችግሩ እሱ አይደል?» አለች ዳውላት፣ ሻርፗን እያስተካከለች። «ሠርጉ ትንሽ ይቆይ። ሰዉ ይርሳ።»

ይቆይ የተባለ ሠርግ ምን እንደሚሆን ኢንሻራህ ታውቃለች። ሲሃም ከመጋረጃው ኋላ ሆና ሁሉንም ሰምታለች፤ ወጥታ ያልተነካውን ሻይ ደፍታ ብርጭቆዎቹን አነሳች። እናትየዋ ያንን እያየች ተቃጠለች።

የባሰው ግን ሌላ ነው። የመንደሩ ወሬ ቀስ ብሎ በኢንሻራህ ልብ ውስጥም ገባ። አንድ ዘመን፣ ሽንኩርት በረከሰበት ዓመት፣ አብደል መውጉድ ከሥራ መጥቶ እራት አልበላም ብሎ ነበር። ስትጠይቀው ፊቱን ወደ ግድግዳ አዞረ። ያን ጊዜ ድካም መስሏት ነበር። አሁን ያን ጀርባ ደጋግማ ታየዋለች። ጣቱን ሚዛኑ ላይ አሳርፎ ነበር እንዴ? የማንን ሽንኩርት? «አላህ ይማረው» ማለቱንም ተወችው። ሐሙስ መጣ፣ ሐሙስ ሄደ፤ ባልዲው ከደጅ ተደፍቶ ቀረ። እንደ እኔ እንደ እኔ፣ አብደል መውጉድ ያን ጊዜ ነው ሁለተኛ የሞተው።

ብርዱ አልፎ ሙቀት ሲጀምር፣ ለአንድ ሆቴል ደጅ የታዘዙ ዘንባባዎች ከነአፈራቸው ከባሕር ማዶ መጡ። ኢንሻራህ ወደ ትልቅ ማሰሮ ስታዛውራቸው፣ ከሥሩ መካከል ጥቁር ትል ተጥመልምሎ ወጣ። እንዲህ ዓይነቱን ትል ስንቴ በጣቷ ፈንጥራ ጥላለች! አሁንም ልትጥለው ስትል የጣቢያው የግብርና መሐንዲስ ናሺድ ጮኸ።

«ተዪው፣ እንዳትገድዪው! እባብ ነው።»

«ይሄ? ይሄ ትል?»

«እባብ ነው እልሻለሁ። ዕውር ነው፤ አይናደፍም፣ አይመርዝም። የጉንዳን እንቁላል ነው የሚበላው። አገሩ ወደ ሕንድ ነው፤ በአበባ ማሰሮ አፈር ተደብቆ ዓለምን ዞረ።» ናሺድ በብልቃጥ ውስጥ ከተተና ብርሃን ላይ ያዘው። «ደግሞ ሁሉም ሴቶች ናቸው። ወንድ የላቸውም። አንዲት ብቻዋን ከገባች ይበቃል፣ ያለ ወንድ ትራባለች። እርጥብ አፈር ካገኘችማ በቃ።»

ኢንሻራህ ብልቃጡን ተቀብላ አየች። ጭንቅላቱ ከጅራቱ አይለይም። ዓይን የለው፣ ምን የለው።

ብልቃጡን ለናሺድ መለሰችለት። ቂጡ የተሰበረ ማሰሮ፣ በየሳምንቱ ባልዲ ውሃ፣ ወደ ታች የሚወርድ ሥር። እባቡን ወደ ባሏ የላከችው ራሷ ናት። ልካም ባሏን ጠረጠረች። በዚያው እጇ አፈር እንዳለ ወደ መቃብሩ ሄዳ፣ የጠወለገውን እሬት አቅፋ፣ «ይቅር በለኝ፣ አንተ ሰው» እያለች አለቀሰች። ቀና ስትል ግን ዓይኗ በመቃብሮቹ ላይ ተዘረጋ። በሁሉም ላይ፣ እስከ ግንቡ ጥግ ድረስ፣ ዘመዶቻቸው እንደ እሷ ባልዲ እያፈሰሱለት፣ የእሷ እሬት አረንጓዴ ሆኖ ቆሟል።

ለማን ትናገር? በዚያው ሳምንት የዳውላት አማት ሞቱ። አሮጊቷ የሚያርፉት በልጃቸው፣ በዳውላት ባል መቃብር ነው። የተሻለው እሬት ያለበት። ሲሃም እናቷ ጥቁር ልብሷን ስትለብስ አይታ፣ «ምን ልታደርጊ ነው? አንቺን ማየት አይፈልጉም» አለቻት።

«የአባትሽ ስም ዛሬ ይነጻል» አለች ኢንሻራህ።

ሴቶቹ እንደ ልማዳቸው ራቅ ብለው በግንቡ ሥር ቆሙ። ሺሓታ ጡቡን አፈረሰ፣ ወረደ። ከታች የሆነ ድምፅ አሰማ። ሲወጣ በአካፋው ጫፍ ላይ፣ በቁራጭ አፈር መካከል፣ ሁለት ጥቁር ነገሮች ይጥመለመላሉ።

«ላ ኢላሃ ኢለላህ» አለ አንድ ሽማግሌ። ገሪብ የአባቱን መቃብር አየ፣ የሺሓታን አካፋ አየ፣ ተንበረከከ። ዳውላት ጮኸች፤ ያን ጩኸት የሰማ አይረሳውም። ሕዝቡ ከእሷ ዙሪያ አንድ እርምጃ ሸሸ፤ ልክ ባለፈው ዓመት ከኢንሻራህ እንደሸሸው።

ኢንሻራህ ዝም ብትል ኖሮ ዕዳው እኩል ይሆን ነበር። ብዙዎቻችን ዝም እንል ነበር፤ እኔም። እሷ ግን የገሪብን ጉልበት አፈር ላይ አየችና አልቻለችም።

«ዳውላት፣ አትጩሂ! ባልሽ ንጹሕ ነው!» ብላ በሰዉ መካከል አልፋ መጣች። «የኔም ንጹሕ ነው! ይሄ የሙታን እባብ አይደለም። ከኔ ማሰሮ የወጣ ነው። እኔ ነኝ ያመጣሁት!»

ሰዉ ሁሉ ዞሮ አያት። ደስ ብሏት ነበር፤ ፊቷ ይበራ ነበር ይላሉ ያዩዋት።

«አንቺ ነሽ ያመጣሽው?» አለች ዳውላት፣ በቀስታ።

«ከእሬቱ ጋር። በአፈሩ ውስጥ። ከሕንድ ነው የመጣው፣ መሐንዲሱ ነገረኝ። ወንድ እንኳ የላቸውም፣ ሁሉም ሴቶች ናቸው፤ ያለ ወንድ ነው የሚራቡት!»

«ያለ ወንድ?» አለች ከሴቶቹ አንዷ፣ የልጇን ዓይን እየሸፈነች።

ኢንሻራህ ያን ጊዜ ነው የሰዉን ፊት በደንብ ያየችው። ድግምት በመቃብር እንደሚቀበር የማያውቅ በዚያ መንደር የለም። ባል ያጠፋ፣ ማሕፀን የዘጋ፣ ከብት የገደለ ድግምት ሁሉ የሚገኘው ከሙታን እግር ሥር ተቀብሮ ነው።

«ማሰሮውን ለምን ትሰብሪው ነበር?» አለ ሺሓታ። «ቂጡን እየሰበርሽ ስትቀብሪ አይቻለሁ። ምን እንዲወጣ?»

«ሥሩ እንዲወርድ ነዋ!»

«በስንት መቃብር ላይ ተከልሽ?»

ውሸት አታውቅም። «በሁሉም» አለች።

ማንም አልመታትም። ሴቶቹ ልብሳቸውን ሰብስበው አሳለፏት፣ ያ ብቻ። ሲሃም ከግንቡ ሥር ሆና እናቷን ስታያት ቆየች፤ ከዚያ ቀድማት ወደ ቤት ሄደች።

በማግሥቱ መንደሩ እሬቶቹን ነቀለ። ድግምት ወደ ባለቤቱ ይመለስ ተብሎ፣ ማሰሮዎቹን ከነአፈራቸው አምጥተው በኢንሻራህ ደጅ ከመሩ። ገሪብም አንዱን ተሸክሞ መጣ። ሲሃም በመስኮት አየችው፤ ማሰሮውን ከሌሎቹ በላይ አስቀምጦ፣ እጁን በጀለቢያው ጠርጎ ሄደ።

ኢንሻራህ በደጃፏ ተቀምጣ ነበር። ሁለት ሴቶች ከሩቅ ቆመው ሲነጋገሩ ትሰማለች።

«ምስኪን አብደል መውጉድ» አለች አንዷ። «በሚዛኑ እንዴት ያለ ሀቀኛ ሰው ነበር!»

«ሀቀኛ ነበር እንጂ» አለች ሌላዋ። «አላህ ይማረው። ከእንዲህ ያለች ሴት ጋር ነው የኖረው!»

ኢንሻራህ፣ «አሚን» አለች። ከክምሩ ሥር፣ አፈሩ እርጥብ በሆነበት በኩል፣ አንድ ጥቁር ክር ወጣ፤ ወዲያና ወዲህ ዳሰሰና በቤቷ ደፍ ሥር ገባ።